ካሜራው ከባንኮኒው በየት በኩል ነው የቆመው?

«እንግሊዞች እኮ በራሳቸው መሳቅ የሚችሉ ሕዝብ ናቸው» አለኝ አንድ ወዳጄ።

በራሳቸው? በየትኛው ራሳቸው? ሎርዱ በሎርድ ሳቀ? ወይስ ሎርዱ በግንበኛው ሳቀና «በራሳችን ሳቅን» ተብሎ ተጻፈለት? አገር በራሱ ሳቀ ስትለኝ፣ ማን በማን ሳቀ ብዬ እጠይቅሃለሁ። እሱን ሳትነግረኝ ያወራኸኝ ሁሉ ውዳሴ ነው።

እኔ የእነዚያን ሰዎች የቴሌቪዥን ጭውውት ከልቤ እወዳለሁ። ወረፋውን፣ ሱቁን፣ ሻይ ቤቱን፣ የባንክ መስኮቱን ይዞ በሦስት ደቂቃ ውስጥ የአገሩን ገመና አደባባይ የሚያወጣ እንደነሱ ያለ ብዙ አላየሁም። ስለምወደው ነው የማበጥረው።

ዓመታቱን በፈረንጆች አቆጣጠር ያዝልኝና ከ1966 ልነሣ። ቢቢሲ «ፍሮስት ሪፖርት» በሚባል ዝግጅቱ ሦስት ሰው ጎን ለጎን አቆመ። ከአንዱ ዳር ረጅሙ ጆን ክሊስ ጥቁር ክብ ባርኔጣ ደፍቶ፣ መካከል ሮኒ ባርከር፣ ከወዲያኛው ዳር አጭሩ ሮኒ ኮርቤት የሠራተኛ ቆቡን አጥልቆ። ረጅሙ የላይኛው መደብ ነው፤ ሁለቱንም ቁልቁል ያያል። መካከለኛው አንጋጦ ረጅሙን ያከብራል፣ አቀርቅሮ አጭሩን ይንቃል። አጭሩ ቦታዬን አውቃለሁ ይላል። ሦስት ቁመትና ሦስት ቆብ፣ ሌላ ምንም አላስፈለገም። መጨረሻ ላይ እያንዳንዳቸው ከዚህ ሥርዓት ምን እንደሚያገኙ ይናገራሉ። አንዱ የበላይነት ስሜት አገኛለሁ አለ። ሌላው ከዚህኛው የበታችነት፣ ከዚያኛው የበላይነት አገኛለሁ አለ። አጭሩ ቀና ብሎ አያቸውና፣ እኔ የማገኘው የማጅራት ሕመም ነው አለ።

«ስለዚህ በድሃ አይቀለድም ልትለኝ ነው?»

ማን አለ? ኮርቤት የድሃውን ቆብ ደፍቶ አይደል እንዴ አገሩን ያሳቀው! ድሃ ያስቃል፤ ድሃ ራሱ ይስቃል፤ ሲተርብማ ማንም አይችለውም። የእኔ ጥያቄ ሌላ ነው። የመዝጊያውን ቃል ማን ተናገረ? አጭሩ። እሱ ማጅራቴን ሲል ሁለቱ ባርኔጣዎች መልስ አጡ። ተረብ የሚያምረው የተወረወረበት ሰው መልሶ መወርወሪያ ሲያገኝ ነው። እጁን አስረህ ብቻህን ከወረወርህበት ግን ጨዋታው ቀርቷል፤ እየደበደብኸው ነው።

እንግሊዞቹ ለዚህ ውርወራ ቋሚ ሜዳ አላቸው፤ ባንኮኒ። ልብ ብለህ እይልኝ። በ1969 «ሞንቲ ፓይተን» የተባለው ዝግጅት የቤት እንስሳ መሸጫ ውስጥ ገባ። በ1976 «ሁለቱ ሮኒዎች» የዕቃ ሱቅ ባንኮኒ ላይ አንዱ ሻጭ፣ አንዱ ገዢ ሆነው ቀረቡ። (ያንን ጭውውት የጻፈው ባርከር ነው። ጽሑፎቹን ጄራልድ ዋይሊ በሚል የብዕር ስም ይልካቸው ነበር፤ ስሜን ፈርተው ሳይሆን ሥራዬን መዝነው ይቀበሉኝ ብሎ። እንዲህ ያለውን ሰው አከብራለሁ።) በ1985 የጀመረው የቪክቶሪያ ዉድ ዝግጅት ምግብ ቤት ውስጥ ተቀመጠ። በ1994 የመጣው «ፋስት ሾው» ሁለት ልብስ ሰፊዎችን አቁሞ፣ ሱፍ ሊለካ የመጣውን ደንበኛ ስለ መኝታ ቤቱ አስጠየቀ። ከዚያ «ሊትል ብሪተን» ባንክ ገባ።

«ምን ሱቅ ለሱቅ ያዞራቸዋል?»

በዚያ አገር አንዱ መደብ ሌላውን ፊት ለፊት የሚያገኘው የት ነው? ሰፈሩ ለየቅል፣ ትምህርት ቤቱ ለየቅል። ባንኮኒው ጋ ግን መገናኘት ግዴታ ነው። ሻጩ «ሰር» ማለት አለበት። ገዢው «ፕሊስ» ማለት አለበት። ሁለቱም በአፋቸው ማር እያሉ በሆዳቸው ሌላ ይላሉ። ጸሐፊው ብዕሩን የሚያስገባው እዚያ አፍና ሆድ መካከል ነው።

የ«ሞንቲ ፓይተን»ን የወፍ ነገር ቀረብ ብለህ እየው። ክሊስ በቀቀኗን በሽቦ ጎጆ ይዞ ተመልሶ ይመጣል፤ የገዛት እዚያው ሱቅ ነው። ወፏ ሞታለች። ሻጩ ማይክል ፔሊን ደግሞ አልሞተችም፣ አርፋ ነው ይላል። ሲጨንቀው፣ የኖርዌይ አገሯ ናፍቋት ነው ይላል። ገዢው አውጥቶ ባንኮኒው ላይ ይቀጠቅጣታል፤ ወደ ላይ ይወረውራታል፣ ትወድቃለች። እንጨቱ ላይ ቆማ የታየችውም እግሯ በምስማር ስለተመታ ነበር። ይህንንም ሲጠይቀው ሻጩ መልስ አያጣም፤ ምስማሩ ባይኖር በራ ትጠፋ ነበር ይላል።

«ይሄ ምኑ ነው ተራ ኑሮ? በድን ወፍ ይዞ ሱቅ የሚሄድ ማነው?»

ወፏን አንሣና መኪና አስቀምጥ። የነገሩ መነሻ ፔሊን ራሱ የሚያውቀው አንድ የጋራዥ ሰው ነበር። መኪናው ምንም ቢሆን «እሱማ አዲስ ስለሆነ ነው» የሚል መልስ የማያጣ። በ1968 የመኪና ሻጭ አድርገው ሠሩት፤ በዓመቱ መኪናው ወፍ ሆነ። አሁንስ ታውቀዋለህ? ዓይንህ እያየ «የለም፣ ደህና ነው» የሚልህ ሻጭ አጋጥሞህ አያውቅም? ካሜራው የቆመው ከገዢው ትከሻ ጀርባ ነው። ቤቱ የተቀመጠ ተመልካች ሁሉ አንድ ጊዜ እዚያ ቆሞ ያውቃል፤ ሳቁም ለዚህ ነው ከግማሽ ምዕተ ዓመት በላይ የቆየው። ያ ዝግጅት የደረሰበትን ንገረኝ ካልክ፣ ዛሬ ልጆቻችን ኮምፒውተር የሚያዙበት «ፓይተን» የተባለው ቋንቋ ስሙን የወሰደው ከዚያ ነው።

«ካሜራው ከደካማው ጎን ይቁም ካልክ የቪክቶሪያ ዉድን አሮጊት ምን ልታደርጋት ነው?»

ጥሩ ወረወርክ። እቀበልሃለሁ፤ መልሱን ግን ያዝ። ሁለት ደንበኞች ምግብ ቤት ተቀምጠዋል። ቸኩለዋል። የሚፈልጉት ሁለት ሾርባ ነው። አስተናጋጇ ጁሊ ዋልተርስ ናት፤ ያኔ ገና በሠላሳዎቹ ዕድሜ ሆና ጎብጣ፣ እጇ እየተንቀጠቀጠ፣ ጆሮዋ ከብዶ አሮጊት ሆነች። ትእዛዙን ትሰማለች፤ እግሯን እየጎተተች በሩ ጋ ትደርሳለች፤ ተመልሳ ትጠይቃለች። እንደገና ትሄዳለች። ሾርባው ሲመጣ ሳህኖቹ በእጇ ላይ ዘመዋል፣ ሾርባውም መንገድ ላይ ቀርቷል።

አሁን ንገረኝ፤ የሳቅኸው በማን ነው? እሷ እኮ ቤቷ ናት። በራሷ ፍጥነት ትሄዳለች፤ የሚያዛት የለም። የታሰሩት ሁለቱ ናቸው። ተነሥተው መውጣት እየቻሉ፣ ሾርባው ይቅርብን ማለት እየቻሉ ይሉኝታ ወንበሩ ላይ ሰፍቷቸዋል። ሆዳቸው እየጮኸ አፋቸው ትሕትና ያወራል። ካሜራው የተጋለጠውን ጨዋነት ነው የሚያየው። አሮጊቷን የሚያዋርድ ሰው ያን ጭውውት ሲጽፍ አልታየኝም፤ ዉድ እነዚያን ሴቶች ታውቃቸዋለች፣ ትወዳቸዋለችም። ፍቅር ያለበት ቀልድ ያስታውቃል።

ወደ «ሊትል ብሪተን» እንግባ፤ ብዙ ነገር ያለው እዚያ ነው።

ማት ሉካስና ዴቪድ ዋሊያምስ በ2000 በቢቢሲ ሬዲዮ 4 ጀመሩት፤ ከ2003 እስከ 2006 በቴሌቪዥን ሄደ። ተራኪው ቶም ቤከር ነው፤ ያ አገር በ«ዶክተር ሁ» የሚያውቀው ድምፅ። ሁለቱ ሰዎች ብቻቸውን መንደር ሙሉ ሰው ሆኑ። ችሎታ የላቸውም የሚል ካለ ከእኔ ጋር አይከራከር፤ ችሎታ ሞልቷቸዋል። የምከራከራቸው በችሎታው ምን ሠሩ ብዬ ነው።

በመጀመሪያ ምርጡን ልስጣቸው። ዋሊያምስ ካሮል የምትባል የባንክ ሠራተኛ ሆኖ ከመስኮቱ ኋላ ይቀመጣል። ደንበኛው ይመጣል፣ የሚፈልገውን ይናገራል። ካሮል ፊቷ ላይ አንድም ነገር ሳይንቀሳቀስ ቁልፎቹን ትጫናለች። ረጅም ዝምታ። ከዚያ ኮምፒውተሩ እንቢ እንዳለ ትናገራለች። ደንበኛው ያስረዳል፤ ይለምናል፤ ትጫናለች፤ ኮምፒውተሩ እንቢ አለ። ሲያበቃ ደንበኛው ፊት ላይ ታስላለች። አለቀ። አገሩ በሙሉ አባባሉን አፉ ላይ አደረገው፤ በየቢሮው፣ በየሆስፒታሉ መስኮት።

«ታዲያ ይቺን ምስኪን ሠራተኛ ማሾፊያ አላደረጓትም?»

የለም! እሷ እኮ እዚያ ሰዓት ሠራተኛ አይደለችም፤ መስኮቱ ራሱ ናት። ዓይኗ አንተን አያይም፤ ስክሪኑን ነው የሚያየው። የሰው ጉዳይ ለሰው መንገር ሲቀር የሚመጣውን ነገር ቁጭ አድርገው አሳዩን።

ይህን ደግሞ ቀልድ ነው ብለህ እንዳታልፈው። ያ አባባል በአገሩ ሁሉ አፍ ላይ በነበረበት ጊዜ፣ በእውነተኛ ባንኮኒዎች ኮምፒውተር ሰው ያስር ነበር። የብሪታኒያ ፖስታ ቤት በ1999 ፉጂትሱ በሠራው «ሆራይዘን» በተባለ ሥርዓት መጠቀም ጀመረ። የየሰፈሩን ፖስታ ቤት የሚያስተዳድሩ ወኪሎች ሂሳባቸውን ሲዘጉ ኮምፒውተሩ ገንዘብ ጎድሏል ይላቸዋል። አልጎደለም ቢሉ ሰሚ የለም። ከኪሳቸው ከፈሉ፤ ቤታቸውን ያጡ አሉ፤ የታሰሩ አሉ፤ ራሳቸውን ያጠፉ አሉ። ከ900 በላይ ሰዎች ተፈረደባቸው። ጥፋቱ የሥርዓቱ መሆኑን ፍርድ ቤት ያረጋገጠው በ2019 ነው። አገሩ በቁጣ የተነሣው ግን በጥር 2024 አይቲቪ ታሪኩን በድራማ ሲያሳይ ነበር፤ የጅምላ ፍርድ መሻሪያው ሕግም በዚያው ዓመት ወጣ።

እንግዲህ ፍረድ። ጭውውቱ ነገሩን በ2004 ተናግሮታል። ሳቅን፤ አባባሉን ተቀባበልነው፤ ወደ ቤታችን ገባን። ፖስታ ቤቱ ውስጥ ያለው ሰው ግን እዚያው ቀረ። ቀልድ ከፖሊስ ቀድሞ፣ ከዳኛ ቀድሞ፣ ከምክር ቤት ቀድሞ ያያል የምለው በዚህ ምክንያት ነው።

አሁን እዚያው ዝግጅት ውስጥ፣ በዚያው ብዕር የተጻፈችውን ቪኪ ፖላርድን አምጣት። ሮዝ ቱታ የለበሰች ልጅ፤ አዎ ግን የለም ግን አዎ እያለች ዓረፍተ ነገሯን የማትጨርስ። ሉካስ ሲጫወታት ያስቃል፤ ምላሱ ይፈጥናል። ልጇን በዌስትላይፍ የሙዚቃ ሲዲ ለወጠች። እሺ፤ ከዚያስ? ለምን ለወጠች? ቤቷ ምን ነበር? ማን አስተማራት? ጭውውቱ አይጠይቅም። እሷ ፊት ለፊት ሁልጊዜ የተቀመጠው ጨዋ ሰው ነው፤ መምህሩ፣ ዳኛው፣ የማኅበራዊ ጉዳይ ሠራተኛዋ። ካሜራውም ከእነሱ ጋር ተቀምጦ እሷን ያያል።

ያው ባንኮኒ ነው። ካሜራው ግን ተሻገረ።

ካሮል ጋ ስትሄድ አንተ ለማኝ ሆነህ መስኮቱን ታያለህ። ቪኪ ጋ ስትሄድ መስኮቱ ውስጥ ተቀምጠህ ለማኟን ታያለህ። ሁለቱም ደራሲዎች ክፍያ በሚጠይቅ ትምህርት ቤት የተማሩ ናቸው፤ በዚያ ማንም አይወቀስም። ከዚያ ወንበር ሆነህ የምታየውን ብቻ ጽፈህ «ብሪታኒያ ይህች ናት» ብለህ ርእስ ስትሰጠው ግን ትወቀሳለህ። ኦወን ጆንስ በ2011 የሠራተኛው መደብ እንዴት መሳለቂያ እንደተደረገ በጻፈው መጽሐፍ ቪኪን ያነሣት ያለ ነገር አይደለም። ድሆቹ ልጃገረዶች በየትምህርት ቤቱ ስሟን እንደ ስድብ ሲጠሩበት፣ መልስ የሚሰጡበት የሠላሳ ደቂቃ ፕሮግራም አልነበራቸውም።

«ኧረ ተወን! ቀልድ እኮ ነው። ቀልድን በሚዛን ለክቶ የሚስቅ ማነው?»

ቀልድ ከሆነ ኃይል የለውም ማለትህ ነው? እንግዲያው በሌላ ቀን «ቀልድ አገር ይለውጣል» ብለህ እንዳትፎክርብኝ። ወይ ይሠራል፣ ወይ አይሠራም። የሚሠራ ከሆነ ወደ ላይም ይሠራል፣ ወደ ታችም ይሠራል። የወጋ ቢረሳ የተወጋ አይረሳም የተባለው ለቀልድ ጊዜ አይቋረጥም።

ወደ ላይ ሲሠራ ማየት ትፈልጋለህ? ከ1979 እስከ 1982 ቢቢሲ 2 ላይ የነበረውን «ኖት ዘ ናይን ኦክሎክ ኒውስ» ክፈት። ሮዋን አትኪንሰን፣ ሚስተር ቢን ከመሆኑ ከዓመታት በፊት፣ የፖሊስ አለቃ ሆኖ ተቀምጧል። ኮንስታብል ሳቬጅ የተባለውን ፖሊስ ያስጠራዋል። ግሪፍ ሪስ ጆንስ ነው፤ ቀጥ ብሎ ይቆማል። አለቃው ፖሊሱ ሰው የከሰሰበትን ወንጀል እያነበበ ይጠይቀዋል። በጨለማ ሰዓት ሰው በሚኖርበት ሰፈር ደማቅ ሸሚዝ መልበስ። የእግረኛ መንገድ ስንጥቅ መርገጥ። በሕዝብ መጸዳጃ ቤት መሽናት። ፖሊሱ አያፍርም። አለቃው ወረቀቱን ያገላብጣል፤ የተከሰሰው ሁሉ አንድ ሰው ነው፤ ጥቁር ነው። ይጮህበታል፤ ዘረኛ ነህ ይለዋል። ተመልካቹ እፎይ፣ አንድ ደህና አለቃ ተገኘ ሲል ቅጣቱ ይመጣል፤ ልዩ የጥበቃ ቡድን ወደሚባለው ክፍል አዛውሬሃለሁ ይለዋል። ፖሊሱ ፊቱ ይበራል።

ያ ክፍል በእውነት የነበረ ነው። በሚያዝያ 1979 በሳውዝሆል ሰልፍ ላይ ብሌር ፒች የተባለ መምህር ተመትቶ ሞተ። በ2010 ይፋ የሆነው የፖሊስ የራሱ ምርመራ የመታው ከዚያ ክፍል የነበረ ፖሊስ ሳይሆን አይቀርም አለ። በዚያ ዘመን ፖሊስ ጥቁር ወጣትን መንገድ ላይ በጥርጣሬ ብቻ ይይዝበት የነበረው የሕግ አንቀጽ በ1824 የወጣ ነው፤ የተሻረው በ1981 ነው፤ በዚያው ዓመት ሚያዝያ ላይ ብሪክስተን በቁጣ ነድዳ ነበር። አየህ ካሜራው የት እንደገባ? አለቃው ቢሮ ውስጥ። ጥቁሩን ሰው አንድም ጊዜ አላሳዩትም፤ ማሳየት አላስፈለጋቸውም። የሚመረመረው ወረቀቱን የጻፈው ነው።

«ዛሬ ቢሆን ያን አያሳዩትም። ቀልድ ተከልክሏል።»

ማን ከለከለ? በሰኔ 2020 «ሊትል ብሪተን» ከቢቢሲ አይፕሌየርና ከኔትፍሊክስ ወረደ፤ ዋሊያምስ ጥቁር ሴት ለመሆን ፊቱንና ሰውነቱን ቀለም የተቀባበት ጭውውት ስላለ ነው። ሁለቱም ተዋናዮች ይቅርታ ጠየቁ። ሉካስማ ከዚያ በፊት፣ በ2017፣ ዛሬ ቢሆን ያን አላደርገውም ብሎ ነበር። በ2022 የተቆራረጠው ተቆራርጦ ተመለሰ። የታሰረ የለም፤ የተሰደደ የለም።

እኔ የሚቆጨኝ ሌላ ነው። ቢቢሲ ጥቁር ኮሜዲያን አጥቶ ነው ቀለም የቀባው? ከ1991 እስከ 1996 «ዘ ሪል ማኮይ» የራሱ የቢቢሲ 2 ዝግጅት አልነበረም? ፌሊክስ ዴክስተር አልነበረም? ልዌላ ጊዲዮን አልነበረችም? ሰዎቹ ቤቱ ውስጥ ሠርተው ወጥተዋል፤ ስልካቸው ይታወቅ ነበር። ከቀለም ቆርቆሮ ይልቅ ስልኩ ይቀርብ ነበር። ጥቁሯን ሴት ራሷን ብትጠራት ደግሞ የራሷን መልስ ይዛ ትመጣለች፤ ያኔ ጨዋታ ይሆናል።

የሚመጣ መልስ ምን እንደሚመስል ካላወቅህ በ1998 ቢቢሲ 2 ላይ የጀመረውን «ጉድነስ ግሬሸስ ሚ» እይ። ሚራ ሳያልና ኩልቪንደር ጊር ከዚያው ከማኮይ ቤት የመጡ ናቸው፤ ሳንጂቭ ባስካርና ኒና ዋዲያ አብረዋቸው አሉ። የእንግሊዝ ሰካራም አርብ ማታ መጠጥ ቤት ሲዘጋበት የሕንድ ምግብ ቤት ይገባል፤ የአስተናጋጁን ስም ይሰብራል፤ ምን ያህል የሚያቃጥል ወጥ እንደሚችል ይፎክራል። እነዚህ ልጆች ነገሩን ወስደው ቦምቤይ ላይ አዞሩት። የጠጡ ሕንዶች እየጮኹ የእንግሊዝ ምግብ ቤት ይገባሉ። አስተናጋጁ ነጭ ነው፤ ጄምስ የሚለውን ስም አጣመው ይጠሩታል። ከዝርዝሩ ውስጥ ምንም ጣዕም የሌለውን ምግብ አምጣልን ይሉታል። አንዷ ትንሽ ቅመም ያለው ትፈልጋለች፤ ጓደኞቿ ይሳለቁባታል።

ስድብ አላስፈለጋቸውም። ባንኮኒውን ነው ያዞሩት። እንግሊዙ ሳሎኑ ተቀምጦ ራሱን በሌላ ሰው አፍ ሰማ፤ ሳቀም። ያን ጊዜ ነው ወዳጄ ያለው «በራሳቸው መሳቅ» በትክክል የተፈጸመው። ለንደን ውስጥ በሐበሻ ምግብ ቤት ያስተናገደች እኅት ሁሉ ያን ጭውውት ብታይ ማብራሪያ አያስፈልጋትም። ስሟን «ቲጂ» አድርገውባታል፤ ሹካ የት አለ ብለዋታል።

የስኮትላንዶቹን ሊፍትም አልዘለውም። በ2010 «በርኒስተን» በሚባለው የግላስጎ ዝግጅት ሁለት ሰዎች ቁልፍ የሌለው ሊፍት ውስጥ ይገባሉ። በድምፅ ነው የሚታዘዘው። አሥራ አንደኛ ፎቅ ይላሉ፤ በእንግሊዝኛ፣ በተወለዱበት እንግሊዝኛ። ማሽኑ አልሰማሁም፣ ይድገሙልኝ ይላል። ይደግማሉ። ይጮኻሉ። አነጋገራቸውን ወደ አሜሪካ፣ ወደ እንግሊዝ ያዞራሉ። ማሽኑ ረጋ ብለው ይናገሩ ይላቸዋል። በገዛ አገራቸው፣ በገዛ አፋቸው ፎቅ መውጣት አልቻሉም።

«ጥሩ፤ ይህ ሁሉ የእነሱ ጣጣ ነው። ሐበሻን ምን አገባው?»

ወረፋው ላይ ማን የቆመ መሰለህ? ለንደን፣ ሊድስ፣ ማንቸስተር ስንት አማርኛ ተናጋሪ በየመስኮቱ ቆሟል! የቅጾቹ ሣጥኖች ለእኛ ስም አልተሠሩም። የቤተሰብ ስም ይላል፤ እኛ ያለን የአባት ስም ነው። የልደት ቀን ይላል፤ ወረቀቱ ያልተሟላለት ስደተኛ ጃንዋሪ 1 ተጽፎለት በዚያው ይኖራል፤ በአንድ ቤት ሁለት ሦስት ሰው በአንድ ቀን ሻማ ያጠፋል። ይሄ ሁሉ ጭውውት ተቀምጦ ጸሐፊ ይጠብቃል። እዚያ ተወልደው፣ የአገሩን እንግሊዝኛ ከእናታቸው አማርኛ ጋር የሚናገሩ ልጆች አሉን። የምጠይቃቸው ይህንን ነው፤ ጻፉት። እስኪ እኔ ልጀምርላችሁ። ካሜራው ከእናትየዋ ትከሻ ጀርባ ይቁም፤ ፊት ለፊት መስኮት፤ ከመስኮቱ ኋላ አንድ ሠራተኛ፤ ልጇን ይዛ የቆመችው አልማዝ ናት።

— የልጁ የቤተሰብ ስም?

— ከበደ።

— የእርስዎስ?

— ተሰማ።

— የባለቤትዎ?

— ወርቁ።

— ሦስት ሰው፣ ሦስት ስም። የምትኖሩት አንድ ቤት ነው?

— አንድ ቤት።

— ከበደ ማነው?

— ባሌ።

— ባልዎ ወርቁ ነው አላሉም?

— ወርቁ አባቱ ነው። ከበደ ወርቁ። ልጄ ሳሙኤል ከበደ። እኔ አልማዝ ተሰማ። ሁላችንም አባታችንን እናውቃለን።

— ይቅርታ እመቤት፤ ሲስተሙ አልተቀበለውም።

— ሲስተሙ የማን ልጅ ነው? የአባቱን ስም ይንገሩኝና እሱን ላነጋግረው።